ጎንደርን ማን ሠራት? ስለ ተራራማዋ ከተማ ታሪክና መስህቦች የተደረገ ንግግር



ዛሬ የምናገረው ስለ ጎንደር ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ ላሳስብ። ስለ ጎንደር አዲስ ነገር ማውጣት ይቻላል ወይ የሚል ጥያቄ በአንዳንዶቻችሁ ፊት ላይ አነባለሁ። እውነት ነው፤ የፋሲል ግንብ ሥዕል በየቤቱና በየቀን መቁጠሪያው ተሰቅሎ ያደግን ሰዎች ነን። ነገር ግን ብዙ ያየነው ነገር ብዙ የመረመርነው ነገር አይደለም። ጎብኚ ወደ ጎንደር ሲሄድ አንድ ግቢ ያያል፤ ስድስት ግንብ ይቆጠርለታል፤ «ይህንን የሠሩት ፖርቱጋሎች ናቸው» ወይም በተቃራኒው «የውጭ ሰው እጅ የለበትም» ይባልና ይወጣል። ሁለቱም አባባሎች ከማስረጃው ጋር አይስማሙም። ደግሞም ሁለቱም አንድ ዓይነት ሰዎችን ይሰውራሉ፤ ድንጋዩን የጠረቡትን።

ከመልክዓ ምድሩ ልጀምር። ጎንደር ከባሕር ወለል በላይ ከ2,100 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ ላይ፣ በሦስት ወገን በተራራ ተከብባ፣ ወደ ደቡብ ወደ ጣና ሜዳ የተከፈተች ከተማ ናት። በምሥራቅ አንገረብ፣ በምዕራብ ቀሐ ይወርዳሉ፤ ሁለቱም ከመገጭ ጋር ተገናኝተው ወደ ጣና ይገባሉ። ነገሥታቱ የተከተሙበት ጉብታ በእነዚህ ሁለት ወንዞች መካከል ያለ ነው። ቆላው ንዳድ የለበትም፤ ደጋው ውርጭ አይደርስበትም። የደምቢያ ለም መሬት እህሉን ያቀርባል፤ ወደ ምጽዋ የሚወርደው የሲራራ ነጋዴ መንገድና ወደ መተማና ስናር የሚሄደው መንገድ ደግሞ እዚያው አጠገብ ይገናኛሉ። ትውፊቱ ዐፄ ፋሲል ጎሽ ሲያሳድድ ወደ ቦታው እንደ ደረሰና በዚያ ከነበረ ባሕታዊ ትንቢት እንደ ሰማ ይተርካል። የመንግሥቱ መቀመጫ ስሙ በ«ጎ» የሚጀምር ቦታ ይሆናል የሚልም ትንቢት አለ፤ ጎርጎራና ጉዛራ ተሞክረው ጎንደር ላይ ረጋ ይባላል። እኔ ትውፊቱን አልንቀውም። አንድ ትልቅ እውነት ይዟልና፤ ጎንደር በድንገት የበቀለች ከተማ አይደለችም፤ ከመርጋቷ በፊት ብዙ ሙከራ ነበር።

እዚህ ላይ ስለ አንድ ቃል ጥቂት ልበል። ዛሬ «ከተማ» ስንል ሕንፃና መንገድ ይታየናል። በዜና መዋዕሎቻችን ውስጥ ግን ከተማ ማለት በመጀመሪያ የንጉሡ ሰፈር፣ ድንኳን የተተከለበት ቦታ ነው። ንጉሥ ይከትማል፤ ክረምቱ ሲያልፍ ይነሣል። የሠራዊቱ ቀለብና ማገዶ ሲያልቅ አገር ይለወጣል። የ16ኛው መቶ ዓመት ሁለተኛ አጋማሽ ላይ ቤተ መንግሥቱ ወደ ጣና ዳርቻ እየተሳበ መጣ። በእንፍራንዝ አጠገብ የሚገኘው የጉዛራ ግንብ በትውፊት የዐፄ ሠርፀ ድንግል ሥራ ነው። ዐፄ ሱስንዮስ በጎርጎራ፣ በደንቀዝና በአዘዞ አሠራ። ልጁ ፋሲለደስ በ1632 ነገሠ፤ በ1636 ገደማ ጎንደርን ቆረቆረ። ስለዚህ ፋሲል ጎንደር ሲገባ በኖራ የሚገነቡ እጆች በአገሩ ውስጥ ቢያንስ አንድ ትውልድ ያህል ሲሠሩ ቆይተው ነበር።

አሁን ወደ ፖርቱጋሎቹ ጉዳይ እንምጣ። በ1541 ከክሪስቶፎሮ ዳ ጋማ ጋር የመጡ 400 ያህል ወታደሮች ነበሩ፤ የተረፉት እዚሁ ተጋብተው ዘር አፍርተዋል። ኢየሱሳውያን መነኮሳትም በሱስንዮስ ዘመን በጎርጎራና በአዘዞ በግንባታ ላይ ነበሩ፤ ፔድሮ ፓኤዝ ስሙ ጎልቶ የሚነሣው ለዚህ ነው። ይሁን እንጂ ፓኤዝ በ1622 ሞቷል። ፋሲለደስ ደግሞ ንግሥናውን በያዘ በሁለት ዓመት ውስጥ ኢየሱሳውያኑን ከአገር አስወጥቷል። ያባረራቸውን ሰዎች ግንብ ሥሩልኝ ሊላቸው አይችልም። ሌላም ምስክር አለን፤ በ1648 ከየመን ኢማም ተልኮ ጎንደር የደረሰው ሐሰን ኢብን አሕመድ አል ሐይሚ። ይህ ሰው የቤተ መንግሥቱን ውበት አድንቆ ሲጽፍ መሐንዲሱ ሕንዳዊ መሆኑን ይገልጻል። ኖራ የሚሆነውን ድንጋይ ለይቶ ያወቀው ሰው በሱስንዮስ ዘመን ከሕንድ የመጣ መሆኑን ደግሞ የኢየሱሳውያኑ የራሳቸው ጽሑፍ ይመሰክራል። ከአገር የተባረሩት ሰዎች እንኳ ሙያውን ጠቅልለው ለራሳቸው አልወሰዱትም፤ የሰጠናቸው እኛ ነን።

አንድ መሐንዲስ ግን ግንብ አያቆምም። ባዛልት የሚፈነቅል፣ የሚጠርብ፣ ኖራ የሚያቃጥል፣ ርብራብ የሚያጋጥም፣ መሮና መዶሻውን የሚቀጠቅጥ ሰው ያስፈልጋል። ከዚህ ሥራ እጅግ የከበደውን ድርሻ የተሸከሙት ቤተ እስራኤላውያን ነበሩ። ከሱስንዮስ የሰሜን ዘመቻዎች በኋላ ርስታቸውን ያጡ ሰዎች በአንጥረኝነት፣ በግንበኝነትና በአናጢነት፣ ሴቶቻቸውም በሸክላ ሥራ ይተዳደሩ ነበር። ቤተ መንግሥቱ ያለ እነርሱ አይቆምም፤ ሕዝቡ ግን እሳትና ብረት ስለሚነኩ «ቡዳ» ይላቸዋል። ከከተማው በስተ ሰሜን የምትገኘውን ወለቃን ያየ ሰው ይህንን ታሪክ በዓይኑ አይቶታል። ነዋሪዎቿ በ1980ዎቹና በ1991 ወደ እስራኤል ሄደዋል፤ የአንዲት ትንሽ ምኩራብ ቤትና በመንገድ ዳር የሚሸጥ ሸክላ ቀርተዋል። ዛሬ በእስራኤል የሚኖሩ ልጆቻቸውና የልጅ ልጆቻቸው ለጉብኝት ሲመጡ የፋሲል ግንብን እንደ ሌላ ሰው ቤት ያሳዩአቸዋል። ይህ ያሳዝነኛል። አስጎብኚ ለመሆን ለምትማሩት ልጆቼ የምለው፣ ቢያንስ ለእነዚህ እንግዶች «የአያቶቻችሁ እጅ ያረፈበት ነው» በሏቸው።

ወደ ግቢው ስንገባ፣ የፋሲል ግንብ አራት ክብ ማማዎቹን ይዞ ከሁሉ ጎልቶ ይታያል። ግቢው ወደ 70,000 ካሬ ሜትር የሚሰፋ ሲሆን 900 ሜትር ያህል በሚረዝም የድንጋይ አጥር የታጠረ ነው፤ 12 በሮች አሉት። ከፋሲል በኋላ እያንዳንዱ ንጉሥ የአባቱን ቤት ትቶ የራሱን አሠራ። የጻድቁ ዮሐንስ ቤተ መጻሕፍት፣ የአድያም ሰገድ ኢያሱ ግንብ፣ የዳዊት የዜማ አዳራሽ፣ የበካፋ የግብር አዳራሽ፣ የምንትዋብ ግንብ፤ ሁሉም በአንድ አጥር ውስጥ ናቸው። ንጉሥ ዝም ብሎ አገር ለአገር መዞሩን ቢተውም ቤት የመቀየር ልማዱ እንዳልለቀቀው ልብ በሉ። የኢያሱ ግንብ በ1704 በመሬት መንቀጥቀጥ ተጎዳ፤ በ1941 ደግሞ እንግሊዞች ጣሊያንን ሲደበድቡ ሌላ ጉዳት ደረሰበት። ዩኔስኮ በ1979 ግቢውንና ከእርሱ ጋር የተያያዙ ቅርሶችን በዓለም ቅርስነት መዝግቧል።

እኔ ግን ጊዜ ካጠራችሁ ከግቢው ይልቅ ወደ ቁስቋም ውጡ እላለሁ። እቴጌ ምንትዋብ ከቋራ የመጣች፣ የበካፋ ሚስት፣ በ1730 ልጇ ዳግማዊ ኢያሱ ሲነግሥ አብራ ዘውድ የጫነች ሴት ናት። አገሩን ለረጅም ዘመን የመራችው በልጇ ስም ነው። በተራራው ላይ ቤተ ክርስቲያንና ቤተ መንግሥት አሠራች፤ ዛሬ አብዛኛው ፍርስራሽ ነው። ስኮትላንዳዊው ጀምስ ብሩስ በ1770 ጎንደር ሲደርስ በዚሁ ቁስቋም በፈንጣጣ የታመሙ የቤተ መንግሥት ልጆችን አክሟል። ከተማዋ በሰላም ጊዜ 10,000 ያህል አባወራ እንዳላት የገመተውም እርሱ ነው። ምንትዋብ በጣና ደሴት ባሠራችው በናርጋ ሥላሴ ከእመቤታችን ሥዕል ግርጌ ተደፍታ ተሥላለች፤ በዘመኗ የነበረውን የሥዕል ጥበብ ማየት የሚሻ ያንን ይመልከት።

ከተማዋ የነገሥታት ብቻ አልነበረችም። እጨጌ ቤትና አቡን ቤት የየራሳቸው ሰፈር ነበራቸው፤ ወንጀለኛም ተበዳይም ወደ እጨጌ ቤት ሮጦ ከገባ መጠጊያ ያገኝ ነበር። በ1668 ቀዳማዊ ዮሐንስ ጉባኤ ጠርቶ ሙስሊሞችና ቤተ እስራኤላውያን ተለይተው እንዲሰፍሩ ወሰነ። በቀሐ አጠገብ የነበረው የሙስሊሞች ሰፈር ነጋዴውና ሸማኔው የሚኖርበት ነበር። ወርቁ፣ ዝባዱ፣ የዝሆን ጥርሱ በእነርሱ እጅ ያልፋል፤ እውነቱን ሳንደብቅ ባሪያውም ያልፋል። ይህ ክፍል በጉብኝት ካርታ ላይ እምብዛም አይታይም፤ የከተማዋ ገንዘብ የሚመጣው ግን ከዚያ ነበር።

«44ቱ ታቦት» የሚባለው የጎንደር አድባራት ቁጥር ለክብር የሚጠራ ነው፤ የትኞቹ እንደሚቆጠሩ ሊቃውንቱ ራሳቸው አይስማሙም። ከቁጥሩ የሚበልጠው ሥራቸው ነው። የመጻሕፍት ትርጓሜ ላይ ቤትና ታች ቤት ተብሎ የተከፈለው እዚህ ነው። የጎንደር አቋቋም ምስክር በአታ ነበረች። ቅኔ ከጎጃም፣ ዜማ ከበጌምድር እየተማረ የመጣ የቆሎ ተማሪ ዳባውን ለብሶ፣ ከደጅ ደጅ ለምኖ፣ ጎንደር ላይ ይመሰከርለት ነበር። ግንቡን የሚያይ ዓይን ይህንን ዩኒቨርሲቲ አያየውም።

ደብረ ብርሃን ሥላሴን መዝለል አልችልም። አድያም ሰገድ ኢያሱ የመሠረተው ነው፤ ጣሪያው ላይ በረድፍ የተሣሉት መላእክት ዓይናቸውን ወደ ሁሉም አቅጣጫ ያደርጋሉ። በ1888 የመሐዲስቶቹ ጦር በአቡ አንጃ እየተመራ ጎንደርን ሲያቃጥል ከተረፉት ጥቂት አብያተ ክርስቲያናት አንዱ ነው፤ ንብ ወጥቶ አባረራቸው ይላል ሕዝቡ። ከዚያ በፊት በ1866 ከተማዋን የዘረፈና ያቃጠለ ግን የውጭ ጠላት አልነበረም፤ ዐፄ ቴዎድሮስ ነበር። የአድባራቱን መጻሕፍትና ንዋያተ ቅድሳት ወደ መቅደላ አስጋዘ፤ በዚያ ለመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን አስቦት ነበር። በ1868 እንግሊዞች መቅደላን ሲይዙ ያ ሁሉ ተወሰደ። ዛሬ በለንደን ከመቅደላ የሄዱ 350 ገደማ ብራናዎች አሉ፤ ብዙዎቹ የተጻፉት ለጎንደር አድባራት ነው። ነገሥታቱ ይዘውት ይዘምቱ የነበረው የኵርዐተ ርእሱ ሥዕልም አብሮ ሄደ። በዳግማዊ ኢያሱ ዘመን ስናሮች ማርከውት ተዋጅቶ የተመለሰ ሥዕል ነበር፤ ሁለተኛ ግን አልተመለሰም።

ሦስተኛው መወሰድ ብዙ ስላልተነገረለት ዘርዘር ላድርገው። በ1932 በማርሴል ግሪዮል የሚመራ የፈረንሳይ የጥናት ቡድን ጎንደር ተቀመጠ። የአባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን ሥዕሎች አርጅተዋል ተባለ፤ ቡድኑ በአዲስ እንተካላችሁ ብሎ ተዋዋለ። አብሮ የመጣው ሠዓሊ ጋስቶን ሉዊ ሩ አምሳያቸውን በአዲስ ሸራ ሣለ፤ አሮጌዎቹ ተላቅቀው ፓሪስ ሄዱ። ዛሬ በኬ ብራንሊ ሙዚየም ይገኛሉ። መቅደላ በጦር ሆነ፤ ይህ በውል ሆነ። ለእኔ ሁለተኛው ይበልጥ ያስፈራኛል፤ በጦር የተወሰደውን ሁሉ ሰው ያስታውሰዋል፣ በውል የሄደውን ግን ተሰጠ ተብሎ ይረሳል። የታሪክና የሕግ ተማሪዎች የመመረቂያ ጽሑፍ ርእስ ስትፈልጉ ወደ እኔ ስትመጡ በተደጋጋሚ የምጠቁማችሁ ይህንን ነው፤ እስካሁን የወሰደው የለም።

የጣሊያንን ዘመን ባጭሩ ልለፈው። ጌራርዶ ቦዚዮ የነደፈው ፕላን ፒያሳን፣ ፖስታ ቤቱንና ሲኒማውን ሰጥቶናል፤ ለነጩና ለጥቁሩ የተለየ ሰፈርም በዚያው ፕላን ላይ ተሠምሯል። ጄኔራል ናዚ በኅዳር 1941 እጁን ሲሰጥ በምሥራቅ አፍሪካ የቀረው የመጨረሻው የጣሊያን ምሽግ ወደቀ። በ1954 የጤና ጥበቃ ኮሌጅ ተከፈተ፤ የዛሬው የጎንደር ዩኒቨርሲቲ ከዚያ የበቀለ ነው።

ለጥምቀት የምትሄዱ ካላችሁ የፋሲል መዋኛን ከበዓሉ አንድ ቀን ቀድማችሁ እዩት። ከቀሐ ውኃ ተስቦ ገንዳው ሲሞላ ሁለትና ሦስት ቀን አይበቃውም፤ የዋርካው ሥሮች በአጥሩ ድንጋይ መካከል እየሰረጉ ገብተው ግንቡን አቅፈውታል። ሥሩ ቢቆረጥ ግንቡ ይፈርሳል፤ ቢተውም ቀስ እያለ ይከፍለዋል። በቅርብ ዓመታት በግቢው ሰፊ ጥገና ተካሂዷል፤ ስለ ሲሚንቶና ስለ ኖራ የሚነሣው ክርክርም ተገቢ ነው፤ ሲሚንቶ የድንጋዩን ትንፋሽ ይዘጋልና። ኖራ አቃጥሎ፣ አብላልቶ፣ ለክቶ የሚለስን ግንበኛ ግን ዛሬ በከተማዋ ስንት ነው? ከእነርሱ ጋር ተቀምጦ ሙያውን የሚመዘግብ ተማሪ እፈልጋለሁ፤ የመስክ ወጪውን ከትምህርት ክፍሉ ጋር እንነጋገርበታለን። ፈቃደኛ የሆናችሁ ከጥያቄው ክፍለ ጊዜ በኋላ ስማችሁን ስጡኝ። አሁን ጥያቄዎቻችሁን ልስማ።