አናዱራይና የማድራስ ምክር ቤት
(በተማሪዎች ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



አንድ የፖለቲካ ማኅበር ከአደባባይ ሰልፍ ተነሥቶ ወደ ምክር ቤት ወንበር ሲያልፍ ምን ያገኛል? ምንስ ጥሎ ይገባል? ይህን ጥያቄ በአንድ የደቡብ ህንድ ሰው ታሪክ እንድንመለከተው ፈልጌአለሁ። ዓመቶቹን የምጠራው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

ሲ. ኤን. አናዱራይ በ1909 ካንቺፑራም በምትባል ከተማ ተወለደ። ሕዝቡ «አና» ይለው ነበር፤ በታሚል ቋንቋ ታላቅ ወንድም ማለት ነው፤ እኛ ጋሼ እንደምንለው ያለ ነው። በ1949 ከመሪው ከፔሪያር ተለይቶ ድራቪዳ ሙኔትራ ካዛጋም የተባለውን ፓርቲ አቋቋመ። ዓላማውም ደቡቡን ከህንድ ለይቶ ራሱን የቻለ አገር ማድረግ ነበር። አናዱራይ የቲያትርና የፊልም ድርሰት ጸሐፊ ስለ ነበር ፊደል ያልቆጠረው ሰው ሳይቀር አሳቡን ይሰማ ነበር። በእኔ ግምት ይህ ከብዙ የወረቀት መግለጫ የበለጠ ጠቅሞታል።

በ1957 ከ14 ጓደኞቹ ጋር ወደ ማድራስ ግዛት ምክር ቤት ገባ። በ1962 ፓርቲው 50 ወንበር ሲያገኝ እሱ ራሱ በተወለደበት ከተማ ተሸነፈ፤ ስለዚህ ወደ ዴልሂ ላይኛው ምክር ቤት ተላከ። በዚያም የመገንጠልን ጥያቄ ፊት ለፊት ተናገረ። ዳሩ ግን በዚያው ዓመት የቻይና ጦርነት መጣ፤ በ1963ም ለምርጫ የሚቀርብ ሰው ሁሉ የህንድን አንድነት ለመጠበቅ ይማል የሚል የሕገ መንግሥት ማሻሻያ ወጣ። አናዱራይ ከሁለት አንዱን መምረጥ ነበረበት፤ ዓላማውን ይዞ ከምክር ቤት መውጣት፤ ወይም ዓላማውን ትቶ መቅረት። ፓርቲው መገንጠልን ተወ። ይህን ክህደት የሚሉት አሉ፤ እኔ ግን ከሚሉት ወገን አይደለሁም፤ ምክንያቴን ከዚህ ቀጥሎ የመጣው ነገር ይነግራችኋል።

በሕገ መንግሥቱ መሠረት ከጥር 26 ቀን 1965 ጀምሮ የመንግሥቱ ሥራ ቋንቋ ሂንዲ ብቻ ሊሆን ነበር። በ1963 የወጣው ሕግ እንግሊዝኛ አብሮ «ሊቀጥል ይችላል» ይላል። አናዱራይ «ይቀጥላል» ካልተባለ ዋስትና የለውም ብሎ ተከራከረ። ብዙ ሰው ስለሚናገረው ሂንዲ ይግዛ ለሚሉትም፤ እንግዲያውስ የአገሩ ወፍ ፒኮክ መሆኑ ቀርቶ በቁጥር የሚበልጠው ቁራ ይሁና! ብሎ መለሰ ይባላል። ቀኑ ሲደርስ የማድራስ ተማሪዎች ወጡ። ብዙ ሰው ሞተ፤ ራሳቸውን በእሳት ያቃጠሉም ነበሩ። አናዱራይ ሰልፉ ይቁም ብሎ ቢጠይቅ ተማሪዎቹ አልሰሙትም። ጠቅላይ ሚኒስትር ሻስትሪ በየካቲት ወር በራዲዮ ተስፋ እስኪሰጡ ድረስ ቀጠሉ። (በዚያው በየካቲት 1965 በአዲስ አበባ ተማሪዎች «መሬት ለአራሹ» ብለው ወጥተው እንደ ነበር ታስታውሳላችሁ።)

በ1967 ምርጫ ፓርቲው ከ234 ወንበር 137ቱን ወሰደ። የህንድ ኮንግረስ ፕሬዚዳንት የነበረው ታላቁ ካማራጅ በገዛ አገሩ በቪሩዱናጋር ፒ. ሽሪኒቫሳን በተባለ የተማሪዎች መሪ ተሸነፈ። አናዱራይ ዋና ሚኒስትር ሆነ። በጥር 1968 ምክር ቤቱ ሂንዲ ከግዛቱ ትምህርት ቤቶች እንዲወጣ ወሰነ፤ በጥር 1969ም ግዛቱ ታሚል ናዱ ተባለ። ያለ ቄስ በሁለት ሰዎች ፈቃድ የሚፈጸም ጋብቻም ሕጋዊ ሆነ። እንግዲህ በ1963 ከምክር ቤቱ ወጥቶ ቢሆን ኖሮ ይህን ሁሉ ማን ያደርገው ነበር?

በምርጫው ጊዜ ቃል የተገባው ርካሽ ሩዝ ግን ከማድራስና ከኮይምባቶር ከተሞች ወዲያ አልሄደም፤ ገንዘብ አጠረ። ከዚህም የከፋ ነገር አለ። በታኅሣሥ 25 ቀን 1968፤ አናዱራይ በሥልጣን ላይ ሳለ፤ በታንጆር አውራጃ በኪልቬንማኒ መንደር የእርሻ ሠራተኞች የቀን ምንዳ ይጨመርልን ብለው ከባለመሬቶች ጋር ተጣልተው ነበር። በዚያ ሌሊት ከእነዚሁ «አይነኬ» ከሚባሉት ሠራተኞች ወገን 44 ሰዎች፤ የሚበዙት ሴቶችና ልጆች፤ በአንድ ጎጆ ውስጥ ተቃጠሉ። ስለ ቋንቋ መላ ግዛቱን ያንቀጠቀጠ ፓርቲ በመሬት ጉዳይ ያን ያህል አልተናገረም። ድምፅ የሰጡት ድሆች ነበሩ፤ በየገጠሩ የፓርቲውን ሥራ የሚያካሂዱት ግን ብዙውን ጊዜ ባለመሬቶች ነበሩ።

አናዱራይ ከ40 ቀን በኋላ፤ በየካቲት 3 ቀን 1969፤ በካንሰር ሞተ። ለቀብሩ የወጣው ሕዝብ በሚሊዮን ተቆጠረ። የኪልቬንማኒ ክስ ዓመታት ወሰደ፤ በመጨረሻም የተፈረደባቸው ባለመሬቶች በይግባኝ በነፃ ተለቀቁ።