የቆየ ፊልም አጠቃቀምና የአቀናባሪው ኃላፊነት

(በንፋስ ስልክ ላፍቶ ለማኅበሩ አባላት የተደረገ ንግግር)



ዛሬ የተሰበሰብንበት ሰፈር ስሙን ያገኘው ከሽቦ አልባው ቴሌግራፍ ነው። መልእክት በነፋስ ሲመጣ ያየ ሕዝብ «ንፋስ ስልክ» አለው። ላኪውና ጊዜው ያልታወቀ መልእክት ግን ተቀባዩን ያሳስታል። ከመዝገብ ቤት የምናወጣው የቆየ ፊልምም እንዲሁ ነው።

ለዚህ ከራሳችን ታሪክ የሚበልጥ ምስክር የለም። ጋዜጠኛው ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረኀብ ያሳየበት «ያልታወቀው ረኀብ» የተሰኘው ፊልም በእንግሊዝ አገር በቴሌቪዥን የታየው ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ነበር። ያየው ሕዝብ አዘነ፤ ለርዳታም ገንዘብ አዋጣ። ዓመት ሳይሞላ፣ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ፣ ያው ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። አሁን ግን የቤተ መንግሥት ግብዣና ሠርግ፣ ንጉሠ ነገሥቱም ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ የሚያሳዩ ምስሎች በረኀብተኞቹ መካከል ገብተውበት ነበር። በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ።

እዚህ ላይ ልብ እንበል። ረኀቡ እውነት ነበር፤ መደበቁም እውነት ነበር፤ ግብዣውም እውነት ነበር። ሁሉም በአንድ ሰዓት የተፈጸመ ያስመሰለው ግን የአቀናባሪው መቀስ ነው። በለንደን የርኅራኄ ጥሪ የነበረው ምስል በአዲስ አበባ የክስ ማስረጃ ሆነ። ክሱ መሠረት አልነበረውም አልልም። ነገር ግን ተመልካቹ የትኛው ምስል መቼና የት እንደ ተነሣ ካልተነገረው፣ እንዲፈርድ ሳይሆን እንዲቈጣ ብቻ ተጋብዟል።

ያንን ቅንብር ለሥልጣን መወጣጫ ያደረገው ደርግ፣ መስከረም 2 ቀን 1977 ዓ.ም. 10ኛውን የአብዮት በዓል በታላቅ ድግስ ሲያከብር፣ ሰሜኑ ዳግመኛ ተርቦ ነበር። ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. መሐመድ አሚን በኮረም ያነሣውን ፊልም ዓለም በቢቢሲ አየ። ዛሬ ድግሱንና ኮረምን ማጣመር ለማንኛችንም ቀላል ነው። ማጣመሩን አልነቅፍም፤ ቀኑና ቦታው ግን በምስሉ ላይ ይጻፍ። ቀን የተጻፈበት ክስ ይጠነክራል እንጂ አይላላም።

ስለዚህ መቀስ ከማንሣታችን በፊት ሦስት ነገር እንጠይቅ፦ ፊልሙን ማን አነሣው? መቼና የት? ለምን ዓላማ? በኮረም ሜዳ ፊቷን ወደ ካሜራው ያዞረች እናት እህል እንጂ የእኛን ቅንብር አልጠበቀችም። ውለታዋን የምንከፍለው በጊዜዋና በቦታዋ ስናቆማት ነው።