ፀጉር አስተካካዩ ሕግ አውጪ



ትናንት ማታ ከትምህርት በኋላ አንድ አባት፣ «ልጄ፣ ፊደሉንስ ለየሁት፤ ታዲያ ብቻዬን አንብቤ ምን ላመጣ ነው?» ብለው ጠየቁኝ። ጥያቄያቸው ትልቅ ነው። መልሱን በአንድ ሰው ታሪክ ልሞክር። ዓመቶቹን የምጠራው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

ሰውዬው አቶ ኧርኒ ቼምበርስ ይባላሉ። በ1937 በአሜሪካ፣ በኔብራስካ ግዛት፣ በኦማሃ ከተማ ተወለዱ። ጥቁር አሜሪካዊ ናቸው። ሥራቸው ፀጉር ማስተካከል ነበር። በ1966 በወጣ አንድ ፊልም ላይ፣ ፀጉር ቤቱ ውስጥ ሆነው ከአንድ ነጭ ፓስተር ጋር ስለ ዘር መድልዎ ሲከራከሩ ይታያሉ።

በ1970 የሰፈራቸው ሕዝብ ለግዛቱ ምክር ቤት መረጣቸው። ምክር ቤቱ 49 አባላት አሉት። እሳቸው ለብዙ ዓመታት በመካከላቸው ብቸኛው ጥቁር ነበሩ። አንድ ሰው ከአርባ ዘጠኝ ምን ያደርጋል?

አነበቡ። የምክር ቤቱን ደንብ ጠንቅቀው አወቁ። ሕግም ተምረው በ1979 ተመረቁ። ደንቡ እስከፈቀደ ድረስ ይናገራሉ፤ ማሻሻያ ያቀርባሉ፤ እንደገና ይናገራሉ። የምክር ቤቱ ጊዜ ደግሞ አጭር ነው። ስለዚህ ሕጉ እንዲያልፍለት የፈለገ ሁሉ መጥቶ ያነጋግራቸዋል። በ1980 በእሳቸው ግፊት ኔብራስካ የሕዝብ ገንዘብ በደቡብ አፍሪካ ከሚነግዱ ኩባንያዎች እንዲወጣ ወሰነች። ከአሜሪካ ግዛቶች የመጀመሪያዋ እሷ ነበረች።

ትልቁ ትግላቸው ግን የሞት ቅጣትን ማስቀረት ነበር። ረቂቁን ያቀርባሉ፤ ይወድቃል። ደግመው ያቀርባሉ። በ1979 ምክር ቤቱ ተቀበለው፤ አገረ ገዥው ግን አልፈርምም ብለው መለሱት። በ2000 የግዛቱ ሕዝብ አንድ አባል በተከታታይ ከሁለት ዘመን በላይ እንዳይቀመጥ ወሰነ። አቶ ቼምበርስም በ2009 ወጡ። አራት ዓመት ጠበቁና እንደገና ተመርጠው በ2013 ተመለሱ፤ ረቂቁንም ይዘው መጡ።

በ2015 ምክር ቤቱ ረቂቁን አጸደቀ። አገረ ገዥው እንደገና መለሱት። ያለ እሳቸው ፊርማ ለማጽደቅ 30 ድምፅ ያስፈልጋል። ሲቆጠር ልክ 30 ሆነ። የሞት ቅጣት ተሻረ።

ታሪኩ ግን እዚህ ላይ አላለቀም። በ2016 ሕዝቡ ድምፅ ሰጥቶ የሞት ቅጣትን መለሰው። በ2018 አንድ እስረኛ ተገደለ። አቶ ቼምበርስ በጠቅላላው 46 ዓመት አገልግለው በ2021 ከምክር ቤቱ ሲሰናበቱ ሕጉ በቦታው ነበር።

እንግዲህ አባታችን፣ መልሴ ይህ ነው። ብቻውን ያነበበ ሰው ሁሉን አያሸንፍም። ደንቡን የሚያውቅ ሰው ግን ሳይሰማ አይታለፍም። ነገ ወረቀት መጥቶ «ፈርሙ» ስትባሉ፣ ጣታችሁን ከማሳረፋችሁ በፊት አንብቡት። ያልገባችሁንም ጠይቁ።

የመወያያ ጥያቄዎች
1. አቶ ቼምበርስ ደንቡን ማወቃቸው ምን ጠቀማቸው?
2. ሕዝቡ በ2016 የሰጠው ውሳኔ ልፋታቸውን ከንቱ ያደርገዋልን? ለምን?