ስለ ግራር ዋግ

(በተማሪዎች ማኅበር ስብሰባ ላይ የተነገረ)



ዋግ ሲባል ሁላችንም የምናስበው ስንዴን ነው። ከመካከላችን የገበሬ ልጅ የሆነ ሁሉ ማሳው ዝገት መስሎ ሲቀላ አይቷል፤ ካላየም ከአባቱ ሰምቷል። ዛሬ የምንናገረው ግን ዛፍ ስለሚይዝ ዋግ ነው። ወገኑ በሳይንስ ስሙ ኡሮሚክላዲየም ይባላል፤ የብዙዎቹ ዝርያዎች የትውልድ አገርም አውስትራልያ ነው።

የስንዴ ግንድ ዋግ ኑሮውን በሙሉ ለመፈጸም ሁለት ዓይነት ተክል ያስፈልገዋል። ይህኛው ግን በአንዱ ግራር ላይ ተወልዶ እዚያው ይጨርሳል። ብናኙ በነፋስ መጥቶ በለጋ ቅጠል ወይም በቀንበጥ ላይ ያርፋል፤ ርጥበት ሲያገኝም በቅሎ ወደ ውስጥ ይገባል። ያን ጊዜ ዛፉ ራሱ፣ በገዛ ሥጋው፣ ለጠላቱ ቤት የሚሆን እባጭ ይሠራለታል። አንዳንዱ እባጭ ከሰው ጡጫ ይበልጣል። ላዩን የሚያለብሰው ቡናማ ዱቄት አዲሱ ብናኝ ነው። ዛፉ ወዲያው አይሞትም። ምግቡ ወደ እባጩ እየሄደ፣ አበባውና ፍሬው እየቀነሰ፣ ቅርንጫፉ እየደረቀ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ይደክማል፤ ድርቅ ሲጨመርበት ይወድቃል።

ይህን በሽታ ሆን ብለው ወደ አገራቸው ያስገቡ ሰዎች አሉ ብንላችሁ ትገረሙ ይሆናል። ነገሩ በደቡብ አፍሪካ የሆነ ነው። ባለፈው በፊት በነበረው ምዕተ ዓመት፣ በኬፕ ታውን ዙሪያ ያለውን ተንሸራታች አሸዋ እንዲይዝ ተብሎ ሳሊግና የተባለው ግራር ከአውስትራልያ መጣ። አሸዋውን ያዘ፤ ግን በዚያ አላበቃም። ፊንቦስ የሚባለውን የአገሩን ቁጥቋጦ እያፈነ ሜዳውን ወረሰ። ቢቆርጡት ያቆጠቁጣል፤ ቢያቃጥሉት በአፈር ውስጥ የተኛው ፍሬ በእሳቱ ነቅቶ ይበቅላል። በመጨረሻ ተመራማሪዎች ዋጉን፣ የአገሩን ግራሮች እንደማይነካ ከፈተኑ በኋላ፣ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1987 ለቀቁት። ክትትል በተደረገባቸው ቦታዎች ከ15 ዓመት ገደማ በኋላ የዛፉ ብዛት ከ80 በመቶ በላይ ቀንሶ ተገኘ። በ2018 ሊቃውንት ይህን ዋግ ከዘመዶቹ ለይተው፣ ሥራውን በመራው በማይክ ሞሪስ ስም ሞሪሲ ብለው ጠሩት። በሽታ በሰው ስም ሲሰየም ምስጋና የሚሆነው አልፎ አልፎ ነው! ይሁን እንጂ በአፈር ውስጥ የቀረው ፍሬ እጅግ ብዙ ስለሆነ፣ ፍሬ የሚበላ ነቀዝም በ2001 ተጨመረ።

ለእኛ ነገሩ የሚከብደው እዚህ ላይ ነው። ያው ሳሊግና በትግራይ የተራቆተ ኮረብታን እንዲያለብስ፣ ለከብት መኖና ለማገዶ እንዲሆን ተተክሏል። በኬፕ መድኃኒት የተባለው ዋግ እዚያ ቢገባ ጥፋት ይሆናል። ይህም የሩቅ ሥጋት አይደለም። በአዊ፣ በፋግታ ለኮማ፣ ገበሬው ዲከረንስ የተባለውን ሌላ የአውስትራልያ ግራር ይተክላል፤ በአራት በአምስት ዓመት ቆርጦ ከሰል ያከስላል፤ ከዚያም በመሬቱ ላይ ጤፍ ይዘራል። ከሰሉ እስከ አዲስ አበባ ይሸጣል። በቅርብ ዓመታት በዚህ ዛፍ ላይ የወረደው የዚሁ የኡሮሚክላዲየም ወገን ዋግ ነው፤ ትልቅ እባጭ ባያበጅም ቅጠሉንና ቀንበጡን ያጠቃል። መሬቱን በሙሉ በአንድ ዓይነት ዛፍ የሸፈነ ቤተ ሰብ፣ ያ ዛፍ ሲታመም ምን ይሸጣል? ነቀፋችን በገበሬው ላይ አይደለም፤ ገንዘብ የሚያስገኝለትን ተከለ። ችግኝ የሚያድል ሰው ግን ስለ ጥቅሙ በተናገረበት አፍ ስለ በሽታውም መናገር ይገባው ነበር እንላለን።

ለዕረፍት ወደ አዊ ወይም ወደ ትግራይ የምትሄዱ ጓደኞቻችን ግራሮቹን ተመልከቱልን። እባጭ ሁሉ ዋግ አይደለም፤ ነፍሳትም ያሳብጣሉ፤ በቦረና ያለው አንዱ ግራር ደግሞ እሾሁን አሳብጦ ጉንዳን ያኖርበታል። በጣታችሁ ስትነኩት ቡናማ ዱቄት ከለቀቀ ግን ተጠራጠሩ። ፎቶግራፍ አንሡ፤ ቦታውንና ቀኑን ጽፋችሁ ለሥነ ሕይወት መምህራን ስጡ። ቅርንጫፉን ቆርጣችሁ በአውቶቡስ ይዛችሁ አትምጡ፤ እጃችሁን ታጠቡ፤ ልብሳችሁንም ሌላ ተክል ሳትነኩ አራግፉ።