ሄዶ የሚመለስ መርከብ

በማኅበራችን ጠቅላላ ጉባኤ ላይ በሽርሽር ኮሚቴው ስም የቀረበ ንግግር



ባለፈው ነሐሴ ከአሌክሳንድሪያ ወደብ ተነሥተን በፖቶማክ ወንዝ ላይ ስላደረግነው የመርከብ ሽርሽር ሪፖርት ልናቀርብ ነው የቆምነው። በቁጥር ብቻ ከሆነ ሪፖርቱ አጭር ነው፤ 23 አባላት ሄድን፣ እያንዳንዳችን የራሳችንን ከፈልን፣ ከመረዳጃው ሣጥን አንድ ሳንቲም አልወጣም፣ ሁላችንም በሰላም ተመለስን። ነገር ግን ጉዞው ሲታቀድ ከእናቶቻችን አንዷ በዚሁ አዳራሽ ተነሥተው፣ «ማኅበሩ የተቋቋመው ለሐዘንና ለሕመም ነው፤ መርከብ ላይ መንሸራሸር ምን ይፈይድልናል?» ብለው ጠይቀው ነበር። ጥያቄያቸው ተገቢ ነው። መልስም ይገባቸዋል። ስለዚህ ያየነውንና የሰማነውን እንንገራችሁና ፍርዱን ለእናንተ እንተወው።

በመጀመሪያ መርከቡ ምን እንደሆነ እንግለጽ። ስሙ ፕሮቪደንስ ይባላል። በፊልም የምናያቸውን የድሮ መርከቦች ይመስላል፤ ረጅም የእንጨት ምሰሶ፣ ትልልቅ ነጭ ሸራ፣ በየጎኑ መድፍ፣ ከላይ እስከ ታች የተወጠረ ገመድ አለው። እንዲያውም «ፓይሬትስ ኦፍ ዘ ካሪቢያን» በተባሉት ፊልሞች ላይ ታይቷል። ጥንታዊው መርከብ ራሱ ግን አይደለም፤ አምሳያው ነው። የተሠራው እ.ኤ.አ. በ1976 አሜሪካ የነጻነቷን 200ኛ ዓመት ስታከብር ነው። ወደ አሌክሳንድሪያ የመጣው በ2019 ነው። ታችኛው ገላው ፋይበር ግላስ ነው፤ ሆዱ ውስጥ ሞተር አለ። ከወደቡ የወጣነውም በሞተር ነው፤ ወንዙ መካከል ስንደርስ ሞተሩ ጠፋና በሸራ ሄድን።

ዋናው ፕሮቪደንስ የኖረው ከዚህ 200 ዓመት ቀድሞ ነው። መጀመሪያ ኬቲ የምትባል የነጋዴ መርከብ ነበረች። በ1775 ቅኝ ግዛቶቹ በእንግሊዝ ላይ ሲነሡ ሮድ አይላንድ ለጦርነት አሰለፈቻት። በዚያው ዓመት መጨረሻ ወደ አዲሱ የአሜሪካ ባሕር ኃይል ገባችና ስሟ ተለወጠ። አሥራ ሁለት መድፍ ነበራት። በኋላ ዝናው የገነነው ጆን ፖል ጆንስ በ1776 መርቷታል። በ1779 ሜይን አካባቢ በፔኖብስኮት የእንግሊዝ መርከቦች መውጫ ሲያሳጧት፣ በጠላት እጅ ከምትወድቅ ብለው የገዛ መርከበኞቿ አጠፏት።

ይህን ሁሉ ስንሰማ ከመካከላችን አንዷ፣ «ከጦርነቱ በፊትስ የማን ነበረች?» ብላ ጠየቀች። ጥሩ ጥያቄ ነው፤ እኛም ቤት ከገባን በኋላ በደንብ አነበብን። ባለቤቷ ጆን ብራውን የሚባል የሮድ አይላንድ ነጋዴ ነበር። ይህ ሰው የአሜሪካን ነጻነት የደገፈ ሰው ነው። ይኸው ሰው የባሪያ ነጋዴም ነበር። እሱና ወንድሞቹ በ1764 ሳሊ የምትባል መርከብ ወደ ምዕራብ አፍሪካ ልከው ነበር። መርከቧ ከያዘቻቸው 196 ሰዎች ቢያንስ 109 ሞተዋል። ከወንድሞቹ አንዱ ሞሰስ በኋላ ከዚህ ንግድ ወጥቶ ተቃዋሚው ሆነ፤ ጆን ግን እስከ መጨረሻው ደገፈው። ባሪያ ወደ ውጭ አገር መነገድን በሚከለክለው የ1794 ሕግ በፌዴራል ፍርድ ቤት የተከሰሰው የመጀመሪያው አሜሪካዊ እሱ ነው። መርከቡንም ተወረሰ። የዚያች መርከብ ስም ምን ነበር? «ሆፕ»፣ በእኛ ቋንቋ «ተስፋ»።

አሌክሳንድሪያም ብትሆን ቆንጆ ከተማ ናት፤ በ1749 የተቆረቆረች የወደብ ከተማ፣ ድንጋይ የተነጠፈበት መንገድ፣ አበባ በየመስኮቱ። ብዙዎቻችን ለዓመታት እዚያ ሠርተናል፣ ልጆቻችንን አሳድገናል። ከወንዙ ዳር ተነሥታችሁ በዱክ ጎዳና ወደ ላይ ብትሄዱ ቁጥር 1315 ላይ አንድ የጡብ ቤት ታገኛላችሁ። ከ1828 ጀምሮ ፍራንክሊንና አርምፊልድ የሚባሉ ሰዎች ባሪያ የሚነግዱበት ቤት ነበር። ከአካባቢው እርሻዎች እየገዙ፣ በቤቱ ግቢ አስረው እያቆዩ፣ በመርከብም በእግርም ወደ ደቡብ ይልኩ ነበር። በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች በዚያ አልፈዋል። ከዚሁ ከአሌክሳንድሪያ ወደብ በመርከብ ወደ ኒው ኦርሊንስ ከተላኩት መካከል እናቶች፣ እህቶችና ልጆች ነበሩ። አብዛኞቹ የቀረ ዘመዳቸውን ዳግመኛ አላዩም። ቤቱ ዛሬ ፍሪደም ሃውስ የሚባል ሙዚየም ነው።

ይህን የምንነግራችሁ ደስታችሁን ለማደፍረስ አይደለም። ያንኑ ውሃ ለሁለት ሰዓት እየሣቅን ተመላልሰንበት መጥተናል፤ ማን እንዴት እንዳለፈበት ማወቅ ደግሞ ተገቢ ነው ብለን ነው።

አሁን ወደ ራሳችን ሰዎች እንመለስ። ዝርዝር ስንመዘግብ አንዲት እህታችን ስሟን አስመዘገበች፣ በማግሥቱ ሰረዘች፣ ከሳምንት በኋላ እንደገና አስመዘገበች። ምክንያቱን የነገረችን ለብቻችን ነበር፤ ዛሬ እንድንናገረው ፈቅዳልናለች። በወጣትነቷ ሥራ ፍለጋ ወደ ሳዑዲ ስትሄድ ከጅቡቲ፣ ከኦቦክ ዳርቻ በሌሊት በጀልባ ወደ የመን ተሻግራለች። ሰው በሰው ላይ ተጭኖ፣ እግር መዘርጋት ሳይቻል። «ምን ያህል ይቀረናል?» ብሎ የጠየቀ ሰው ይመታ ነበር አለችን። ከዚያ ወዲህ በድልድይ ላይ በመኪና ስታልፍ እንኳ ዓይኗን ትጨፍናለች።

አናግባባሽም፣ አንከለክልሽምም አልናት። ከመርከቡ ሰዎች ጋር ቀድመን ተነጋገርንና እሷ ቀደም ብላ እንድትደርስ አደረግን። መርከቡ ገና ከወደቡ ጋር እንደታሰረ ገብታ ዞር ዞር ብላ አየች። የልጇን ስልክ ይዛ የጻፈችውን ጥያቄ አንድ በአንድ ጠየቀች። ስንት ሰው ነው የሚጫነው? የሕይወት አድን ጃኬቱ የት ነው ያለው? ለሁላችንም ይበቃል? ሞተሩ ቢበላሽ ምን ታደርጋላችሁ? አንዲት ወጣት መርከበኛ ከጎኗ ቁጭ ብላ ሁሉንም መለሰችላት፤ ሣጥኑን ከፍታ ጃኬቶቹን አሳየቻት። እህታችን አንዱን ለበሰች፤ ነሐሴ ነው፣ ሙቀቱ ከባድ ነው፣ ግን አላወለቀችውም። ማንም አልሣቀባትም። እንዲያውም ሦስት እናቶች ብቻዋን እንዳትሆን እነሱም ለበሱ።

ሸራው ሲሰቀል ደግሞ እንዲህ ሆነ። የትልቁ ሸራ አናት ከአንድ ወፍራም አግዳሚ እንጨት ጋር ታስሯል። እንጨቱን የሚያነሡት ሁለት ገመዶች ናቸው፤ አንዱ በምሰሶው በኩል ያለውን ጫፍ ያነሣል፣ ሌላው የውጭውን ጫፍ። መርከበኞቹ ፈቃደኛ የሆነ ሰው ይምጣ ሲሉ እኩሌታችን በአንዱ፣ እኩሌታችን በሌላው ገመድ ተሰለፍን። ሁለቱ ወገኖች እኩል መሳብ አለባቸው። አንዱ ከቀደመ እንጨቱ ይንጋደድና ሸራው ይያዛል። እኛም ጀማሪዎች ነንና በቀኝ በኩል ያሉት ጠንካሮች ፈጠኑ፤ እንጨቱ ተንጋደደ፤ «ቁሙ!» ተባለ። የግራዎቹ እስኪደርሱ ተጠበቀ። ከዚያ አንዷ «ሆ!» አለች፣ ሁሉም «ሆ!» ብሎ ተቀበለ፤ እንደ አገር ቤት ሥራ በዜማ ሆነ። መርከበኞቹ ቃሉን ባያውቁትም ምቱ ገባቸውና አብረውን አሉ። ሸራው ነፋስ ይዞ ሲወጠር የተሰማው እልልታ ወደቡ ድረስ ሳይሰማ አልቀረም። ያቺ እህታችን ከገመዱ መጨረሻ ቆማ የተሳበውን ትሰበስብ ነበር።

ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ ነው፣ ለሃምሳ ሰው ግን ጌጡ ነው እንላለን። ይህን በአፋችን ስንለው ኖረናል፤ በዚያ ቀን ግን መዳፋችን አወቀው። ማኅበራችንም እንደዚያ አይደለም ወይ? ደህና የምትሠራ አለች፣ ሥራ ያጣች አለች። ፈጥና የምትከፍል አለች፣ ወሩን ሙሉ ተጨንቃ የምትከፍል አለች። ፈጣኞቹ ብቻ ከሳቡት ሸራው ይንጋደዳል። ቆም ብሎ መጠበቅም ከሥራው አንዱ ነው።

በወንዙ ላይ ብዙ አየን። በደቡብ በኩል የዊልሰን ድልድይን፣ በሰሜን በኩል ወደ ሬገን አውሮፕላን ማረፊያ የሚወርዱትን አውሮፕላኖች አየን። ከባሕር ዳር የመጣችው እህታችን የጣናን የደንገል ታንኳ ነገረችን፤ ውሃ እየጠጣ ይከብዳልና ከውሃ እያወጡ በፀሐይ ማድረቅ ግድ ነው አለች። የፖቶማክ ውሃ እዚህ ድረስ ከባሕሩ ሞገድ ጋር እንደሚወጣና እንደሚወርድም ተማርን፤ ወንዝ ነው ስንለው በቀን ሁለት ጊዜ ወደ ላይ ይመለሳል።

ወደ ወደቡ ስንመለስ ያቺ እህታችን ጃኬቷን አወለቀችና እንዲህ አለች፦ «ያኔም ከፍዬ ነው የተሳፈርኩት። ያኔ የከፈልኩት ለመሄጃ ብቻ ነበር። የዛሬው መመለሻም አለው።»

እንግዲህ ለእናታችን ጥያቄ ያለን መልስ ይህ ነው። ከመካከላችን ብዙዎች መመለሻ የሌለው ጉዞ ተጉዘናል፤ በጀልባ፣ በእግር፣ በአውሮፕላን። አንድ ሰው ሲሞትብን ማኅበሩ ይደርሳል፤ ድንኳን ባይተከልም ቡናው ይፈላል፣ ወጪው ይሸፈናል። ሐዘን ላይ የምናውቃቸውን እህቶች ግን ሲሥቁ አይተናቸው አናውቅም ነበር። በአንድ ዓመት ሙሉ ስብሰባ ያልነገረችንን እህታችን የነገረችን ለሽርሽር ስንመዘግብ ነው። ያለፈውን ፍርሃቷን ይዛ በሰላም ወጥታ በሰላም ስትመለስ ከጎኗ መገኘት መረዳዳት ካልሆነ፣ መረዳዳት ምንድን ነው?

ስለዚህ ኮሚቴው የሚከተለውን ያቀርባል።

አንደኛ፣ በዓመት ሁለት ጊዜ አብረን እንውጣ። የመረዳጃው ሣጥን አይነካ። አቅም ላነሳት እህት የሚሆን ትንሽ የሽርሽር መዋጮ ለብቻው ይከፈት፤ ለማን እንደተከፈለ ከገንዘብ ያዧ በቀር ማንም አይወቅ።

ሁለተኛ፣ ከእያንዳንዱ ጉዞ በፊት እህቶችን ለብቻ እንጠይቅ። ውሃ የሚያስፈራት አለች፣ ከፍታ የሚያስፈራት አለች። መርከቡ ላይ መድፍ የሚተኮስበት ጊዜ አለ፤ ከመካከላችን ጦርነት ሸሽተው የመጡ ስላሉ በእኛ ጉዞ እንዳይተኮስ ቀድመን ጠየቅን፤ አልተተኮሰም። መጠየቅ አያስከፍልም።

ሦስተኛ፣ የምናየውን ነገር ታሪክ አንዷ አንብባ በአማርኛ ትንገረን፤ ሙሉውን ታሪክ፣ የሚያኮራውንም የሚያሳፍረውንም። የሚቀጥለው ጉዟችን ወደ ዱክ ጎዳናው ሙዚየም እንዲሆን እንጠይቃለን።

አራተኛ፣ ለሚመጡት የሚጠቅም ምክር። በሜትሮ ኪንግ ስትሪት ጣቢያ ወርዳችሁ በነጻው ትሮሊ እስከ ወንዙ ድረስ መሄድ ትችላላችሁ። ጫማችሁ ዝቅ ያለና የማያዳልጥ ይሁን። ነጠላችሁን በወገባችሁ እሰሩት፤ የአንዷን ነፋሱ ሊወስደው ነበር። ድፎ ዳቦውንና ሻዩን ለመመለሻ አቆዩት፤ እኛ ከመርከቡ ወርደን በወንዙ ዳር መናፈሻ ተቀምጠን ስንቆርስ ከሁሉም የጣፈጠን እሱ ነው።

የጠየቁንን እናታችንን በተለይ እናመሰግናለን፤ ባይጠይቁን ኖሮ ይህን ሁሉ አናስብም ነበር። በሚቀጥለው ጉዞ ከግራው ገመድ ላይ ቦታዎን ይዘንልዎታል። ቀስ ብለው ይሳቡ፤ እንጠብቅዎታለን።

ፈጣሪ ወጥተን የምንገባበትን ቀን ያብዛልን።