ቀልድና ተንኮል ለየቅል ናቸው

(በመንደራችን ነዋሪዎች ማኅበር የወላጆች ስብሰባ ላይ አንድ የአንደኛ ደረጃ መምህር ያደረጉት ንግግር)




ዛሬ የማነሣው ጉዳይ ለአንዳንዶቻችሁ ተራ ነገር ሊመስል ይችላል። ይኸውም ትናንሽ ልጆቻችን ክፍል ውስጥ ስለሚቀላለዱት ቀልድ ነው። ነገር ግን በዚሁ ተራ ነገር ልጅ አልቅሶ «ትምህርት ቤት አልሄድም» ሲል፣ ጎረቤትና ጎረቤትም ሲኮራረፍ እናያለን። ታዲያ ቀልድ ይከልከል ልንል ነው? የለም! ልጅ ሳይስቅ አያድግም። ቁም ነገሩ ቀልድን ከተንኮል መለየቱ ላይ ነው።

መለያው ቀላል ነው። የተቀለደበት ልጅ አብሮ ከሳቀ ቀልድ ነው። ሌላው ሁሉ ስቆ እሱ ብቻ ካቀረቀረ ግን ተንኮል ነው።

በመጀመሪያ ተንኮል የሆኑትን እንይ። ሊቀመጥ ጎንበስ ካለ ልጅ ሥር ወንበር መሳብ የተለመደ ነው። የወደቀው ልጅ አከርካሪው ሊጎዳ፣ ጭንቅላቱ ከዴስክ ጋር ሊጋጭ ይችላል። ደብተር ውስጥ ሚጥሚጣ መነስነስ ዓይን ያቃጥላል። ምሳ ዕቃ መደበቅ ልጁን ጦሙን ያውለዋል። በተቀደደ ጫማው፣ በመንተባተቡ፣ በእናቱ ሥራ መሳቅማ የባሰ ነው። የጉልበት ቁስል በሳምንት ይሽራል፤ በክፍል ውስጥ የወጣ ቅጽል ስም ግን ለዓመታት ይከተላል።

የማይጎዱትስ? ሞልተዋል እኮ! መምህሩ ከመግባታቸው በፊት ተማሪዎቹ ሁሉ ፊታቸውን ወደ ኋላው ግድግዳ አዙረው ጸጥ ብለው ይጠብቋቸው። ወይም ጠመኔውን ደብቀው «መስኮቱ ጋ ይፈልጉ»፣ «ከበሩ ኋላ ይፈልጉ» የሚሉ ብጣሽ ወረቀቶች ያስቀምጡ። እግረ መንገዳቸውንም ጽሕፈት ይለማመዳሉ።

መምህርም መቀለድ ይችላል። ማንበብ ለቻሉ ልጆች 10 ትእዛዝ ያለበት ወረቀት ያድላል። 1ኛው «ምንም ሳትሠሩ ሁሉንም አንብቡ» ይላል። 5ኛው «ተነሥታችሁ 3 ጊዜ አጨብጭቡ» ይላል። 10ኛው ደግሞ «ስማችሁን ብቻ ጽፋችሁ ዝም ብላችሁ ተቀመጡ» ይላል። የቸኮለው ሁሉ ቆሞ ሲያጨበጭብ ይገኛል! ከዚያ ወዲያ ፈተና ላይ ጥያቄውን ሳያነብ የሚጀምር ይቀንሳል።

ተማሪዎቻችን «አፕሪል ዘ ፉል» የሚሉት ቀን በእኛ አቆጣጠር መጋቢት 23 ነው። በዚያ ቀን የፈረንሳይ ልጆች ከወረቀት ዓሣ ቆርጠው ጓደኛቸው ሳያውቅ ጀርባው ላይ ይለጥፋሉ። በእንግሊዝ አገር ልማድ ደግሞ ቀልዱ እስከ ቀትር ብቻ ነው፤ ከስድስት ሰዓት በኋላ የቀለደ ሞኙ ራሱ ነው። ደንቡ ጥሩ ነው፤ ቀልድ ማብቂያ ይኑረው። በዚያ ቀን «እናትህ ታመመች»፣ «ቤታችሁ ተቃጠለ» ማለት ግን በእኛ ዘንድ ነውር ነው። መርዶ አይቀለድበትም።

ስለዚህ ልጆቻችሁን እነዚህን 4 ነጥቦች አስጠኗቸው፦

ሀ. አካል የሚጎዳ፣ ዕቃ የሚያበላሽ አይሁን።
ለ. በመልክ፣ በድህነት፣ በቋንቋ፣ በወላጅ አይቀለድ።
ሐ. አንድ ልጅ ሁልጊዜ መቀለጃ አይሁን።
መ. «በቃ» ከተባለ ወዲያው ይብቃ፤ የተዝረከረከውንም ያዝረከረከው ያጽዳ።

ለእኛ ለወላጆችስ? ልጃችሁ እያለቀሰ ቢመጣ የጎረቤት በር ከማንኳኳታችሁ በፊት የክፍሉን መምህር አነጋግሩ። አጥፊው የእናንተ ልጅ ከሆነም ዱላ አታንሡ፤ ራሱ ሄዶ ይቅርታ ይጠይቅ።

ማታ ማታ «ዛሬ ስንት አገኘህ?» ብቻ አንበል። «ዛሬ ምን አሳቃችሁ?» ብለን እንጠይቅ። ከዚያም «የተቀለደበት ልጅስ ሳቀ?» እንበል። ሁለተኛውን ጥያቄ በየማታው የሚሰማ ልጅ፣ ነገ ክፍል ውስጥ እጁን ወደ ወንበሩ ሲዘረጋ ትዝ ይለዋል።