እምቢ ያለ ጎማ በጉልበት አይቀመጥም
(ለካምፑ ነዋሪዎችና ለሙያ ሠልጣኞች የተደረገ ንግግር)



 ዛሬ የምንነጋገረው ስለ ጎማ ነው። በተለይም የውስጥ ጎማ የሌለው፣ ቲዩብለስ የሚባለው ጎማ ቸርኬው ላይ አልቀመጥ ሲል ምን ማድረግ እንደሚገባ እንነጋገራለን። ነገሩ ቀላል የሚመስላችሁ ትኖራላችሁ። ነገር ግን በዚህ ሥራ እንጀራውን ያገኘ ሰው እንዳለ ሁሉ፣ እጁን ወይም ዓይኑን ያጣ፣ ሕይወቱም ያለፈ ሰው አለ።

ከመካከላችን በካርቱም፣ በባሕሪና በኦምዱርማን ጋራዦች የሠራን አለን። የሱዳን ሰው «በንሸር» የሚለው የጎማ ጥገና ቤት ለስደተኛ ምቹ መግቢያ ነበር። ዲፕሎማ አይጠይቅም፤ ዐረብኛው ገና ያልገባው ሰውም ቢሆን ማውለቂያ ብረት መያዝ ይችላል። ሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ኤፕሪል 15 ቀን 2023) ጦርነቱ በካርቱም ሲፈነዳ ግን ጋራዦቹ ተዘረፉ፣ ብዙዎቹም ተቃጠሉ። ኮምፕሬሰሩም ክሪኩም እዚያው ቀረ። እ.ኤ.አ. በ2025 የጸደይ ወራት የሱዳን ጦር ከተማዋን መልሶ ከያዘ ወዲህ ወደ ካርቱም የሚመለሰው ሰው በርክቷል። ስለዚህ እዚህ ለሚቆየውም፣ ለሚመለሰውም፣ ወደ አገሩ ለሚገባውም የሚጠቅመው በትንሽ መሣሪያ ሊሠራበት የሚችል ሙያ ነው። ይሁንና መሣሪያ ያነሰው ሰው በእሳትና በመዶሻ ለመተካት ይፈተናል። አደጋውም የሚመጣው ከዚሁ ነው።

ጎማው እንዴት ይያዛል?

ጎማው ከቸርኬው ጋር የሚገናኝበትን ክብ ጠርዝ እኛ «ከንፈር» እንለዋለን። በውስጡ የብረት ሽቦ ቀለበት ስላለ አይለጠጥም። የቸርኬው መሐል ጎድጎድ ያለ ነው፤ ጎማው ሲገባ ከንፈሩ በዚያ ጉድጓድ ውስጥ ይወድቃል። ከዚያ ተነሥቶ ዳር ላይ ካለው መቀመጫው እንዲወጣ የሚገፋው አየር ነው። የውስጥ ጎማ ያለው እንደሆነ አየሩን የሚይዘው የውስጥ ጎማው ነው፤ ቲዩብለስ ግን አየሩን የሚይዘው ከንፈሩ ራሱ ከቸርኬው ጋር ተጣብቆ ነው። እንግዲህ እንቆቅልሹ ይህ ነው፦ ከንፈሩን ወደ ቦታው ለመግፋት አየር ያስፈልጋል፤ አየሩ እንዳያመልጥ ደግሞ ከንፈሩ አስቀድሞ ቸርኬውን መንካት አለበት። ስለዚህ ዋናው ሥራ ክፍተቱን መዝጋት ነው። ክፍተቱ ሳይዘጋ የሚነፋ አየር በተቀደደ ስልቻ እንደሚነፋ ነው።

ለምን እምቢ ይላል?

አንደኛ፣ ቸርኬው ዝገት፣ የደረቀ ጭቃ ወይም አሮጌ ጎማ ተጣብቆበት ይሆናል፤ ጠርዙም በጉድጓድ መንገድ ታጥፎ ሊሆን ይችላል።

ሁለተኛ፣ ጎማው በመጋዘን ተነባብሮ ስለኖረ ሁለቱ ከንፈሮቹ እርስ በርስ ተጠጋግተው ይሆናል።

ሦስተኛ፣ ከንፈሩ በማውለቂያ ብረት ተቀዶ ወይም ሽቦው ወጥቶ ይሆናል። እንዲህ ያለው ጎማ አይጠገንም፣ ይጣላል።

አራተኛና ከሁሉ የከፋው፣ ጎማውና ቸርኬው አይመጣጠኑ ይሆናል። ከጎማው ጎን ላይ ያለውን ጽሑፍ አንብቡ። «195 አር 15» ቢል፣ 195 የጎማው ወርድ በሚሊሜትር ነው፤ 15 ደግሞ የቸርኬው ዲያሜትር በኢንች ነው። ባለ 16 ጎማ በባለ 16.5 ቸርኬ ላይ በማውለቂያ ብረት ሊገባ ይችላል፤ በትክክል ግን በፍጹም አይቀመጥም። አየር በተጨመረ ቁጥር የከንፈሩ ሽቦ ይወጠርና በመጨረሻ ይበጠሳል። በዚህ ምክንያት በሌላ አገር ሰዎች ሞተዋል። ግማሽ ኢንች ትንሽ ናት አትበሉ።

የሥራው ቅደም ተከተል

ቸርኬውን በሽቦ ብሩሽና በብርጭቆ ወረቀት አጽዱ፤ የታጠፈውን አቃኑ። የቫልቩን ጎማ እጠፍ አድርጋችሁ እዩ፤ በፀሐይ ተሰነጣጥቆ ከሆነ ቀይሩት። የጎማውን ውስጥ በእጅ ሳይሆን በጨርቅ ዳብሱ፤ የተሰካ ምስማር እጅ ይቀዳልና። ውስጡ ጥቁር የጎማ ዱቄት ወይም ፍርፋሪ ካለ፣ ወይም ጎኑ ዙሪያውን የተላጠ መስመር ካሳየ፣ ያ ጎማ አየር ሳይኖረው ተነድቷል ማለት ነው። የጎኑ ክሮች ተሰብረዋልና ሲነፋ ሊፈነዳ ይችላል። ባለቤቱ ቢለምናችሁም አትንፉት።

ከንፈሮቹ የተጠጋጉ ከሆነ በመካከላቸው አጫጭር እንጨቶች ሸጉጡና ጎማውን ለጥቂት ሰዓታት ፀሐይ ላይ አኑሩት። የካርቱም ፀሐይ በግንቦት ከ40 ዲግሪ በላይ ስለሚሆን ጎማውን ያለ ወጪ ያለሰልስልናል። ከዚያ ወፍራም የሳሙና ውሃ አዘጋጅታችሁ ሁለቱንም ከንፈርና የቸርኬውን ጠርዝ በደንብ ቀቡ። ሳሙናው ከንፈሩን ያንሸራትታል፤ ትንንሹንም ቀዳዳ ይዘጋል። የሞተር ዘይት፣ ግራሶ ወይም ናፍጣ ግን አትቀቡ፤ ጎማውን ይበላዋል፤ ከሥራ በኋላም ጎማው ቸርኬው ላይ እንዲንሸራተት ያደርጋል።

አሁን የቫልቩን ውስጠኛ መርፌ አውጡ። መርፌው ሲወጣ ቀዳዳው ስለሚሰፋ አየሩ በአንድ ጊዜ ይገባል። ጎማውን መሬት ላይ አስተኙት፤ የታችኛው ከንፈር በራሱ ክብደት ይዘጋል። የላይኛውን ጎን በሁለት እጅ ይዛችሁ ወደ ላይ ሳቡት፤ ሌላው ሰው አየሩን ይልቀቅ። አየሩ መያዝ ሲጀምር እጃችሁን ፈጥናችሁ አንሡ። ከንፈሩ ወደ ጠርዙ ሲዘል በመካከል የተገኘን ጣት ይቆርጣል።

አሁንም እምቢ ካለ

ሁለት መላ አለ። የመጀመሪያው ገመድ ነው። ጠንካራ ገመድ በጎማው ወገብ፣ መሬት በሚረግጠው በኩል ዙሪያውን እሰሩና እንጨት አስገብታችሁ አጥብቃችሁ ጠምዝዙ። ወገቡ ወደ ውስጥ ሲጠብ ከንፈሮቹ ወደ ውጭ ይከፈታሉ። አየር መያዝ እንደጀመረ ወዲያውኑ መንፋቱን አቁሙና ገመዱን ፍቱ። ካልተፈታ ጎማው ሲያብጥ ገመዱ ይበጠሳል፣ እንጨቱም ተወርውሮ ሰው ይመታል።

ሁለተኛው መላ ኮምፕሬሰር ለሌለው ሰው የተሻለ ነው። ልኩ የሆነ የውስጥ ጎማ አስገብታችሁ በእጅ ወይም በእግር መንፊያ ንፉ። የውስጥ ጎማው ሁለቱንም ከንፈሮች ቦታቸው ያስይዛቸዋል። ጥቂት ቆይታችሁ አየሩን ሙሉ በሙሉ አስወጡና የአንዱን ጎን ከንፈር ብቻ ፈታችሁ የውስጥ ጎማውን አውጡ። የቲዩብለሱን ቫልቭ በቦታው መልሱ። ያኛው ጎን ተቀምጦ ስለሚቆይ የሚቀራችሁ አንድ ጎን ብቻ ነው፤ እሱም በሳሙናና በገመድ ይዘጋል።

ውሃና እንጨት የሚያመላልሰው ካሮ ላይ የሚገጠም አሮጌ ጎማ ከሆነ የውስጥ ጎማውን እዚያው ብትተዉት ችግር የለም፤ የአህያ ጋሪ አይፈጥንምና። በፍጥነት ለሚሄድ መኪና ግን የቲዩብለሱ ውስጠኛ ገጽ የውስጥ ጎማውን እየፋቀ ያሞቀዋል፤ እዚያ ላይ አይመከርም።

የማይታለፈው መስመር

የትንሽ መኪናን ጎማ ለማስቀመጥ ከ40 ፒኤስአይ፣ ማለትም ከ2.75 ባር በላይ አትንፉ። 40 ፒኤስአይ በእያንዳንዱ ካሬ ሴንቲሜትር ላይ 2.8 ኪሎ ያህል ይገፋል። ትንሽ ይመስላል። ነገር ግን የባለ 15 ኢንች ጎማ የአንድ ጎኑ ስፋት ከ1,500 ካሬ ሴንቲሜትር ይበልጣል። ሲባዛ በአንድ ጎን ላይ ከ4 ሺህ ኪሎ በላይ እየገፋ ነው። ይህ ኃይል ሲለቀቅ ፊቱ የቆመውን ሰው አይምርም። ስለዚህ መለኪያ ሳይኖራችሁ አትንፉ፤ ረጅም ቱቦ ተጠቀሙ፤ በጎማው ጎን ፊት ለፊት አትቁሙ፤ በላዩም አታጎንብሱ። በ40 ካልተቀመጠ አየሩን ሁሉ አስወጡ፣ እንደገና ሳሙና ቀቡ፣ ጎማውን ቸርኬው ላይ አዙሩትና ከመጀመሪያው ጀምሩ። «ትንሽ ልጨምርና ይገባል» ማለት ብዙ ሰው ጎድቷል።

ቤንዚን ወይም የሞተር ማስነሻ ስፕሬይ ጎማው ውስጥ ረጭቶ ክብሪት የሚለኩስ ሰው ሳታዩ አትቀሩም። ጎማው «ጧ» ብሎ ይገባል፤ ተመልካቹም ይደነቃል። ነገር ግን የፍንዳታውን ልክ የሚወስን ማንም የለም። ፊት ያቃጥላል፤ አየር የሚይዘውን የጎማውን ውስጠኛ ሽፋን ይጎዳል፤ ያልተቃጠለ ጋዝም ውስጡ ሊቀር ይችላል። እንደዚሁ ጎማ የገባበትን ቸርኬ በፍጹም አትበይዱ፤ አየሩ ወጥቶ እንኳ ቢሆን በሙቀት ሊፈነዳ ይችላል። መጀመሪያ ጎማው ይውጣ፣ ከዚያ ይበየድ።

የከባድ መኪና ጎማ ሌላ ትምህርት ነው። በሱዳን መንገዶች ለብዙ ዓመታት እንዳገለገሉት ቤድፎርድ ሎሪዎች ያለ መኪና ቸርኬው የሚገጣጠም ቀለበት አለው። ቀለበቱ በትክክል ሳይገጥም ከተነፋ እንደ ጥይት ይወጣል። እንዲህ ያለውን ጎማ በብረት ሳጥን ውስጥ አስገብቶ ካልሆነ በስተቀር አትንፉ። ሳጥን ከሌለ ሥራውን ላለው ጋራዥ ስጡ። አንድ ሥራ መመለስ ውርደት አይደለም።

ከተቀመጠ በኋላ

ሁለቱም ጎኖች ሲቀመጡ ድምፅ ታሰማላችሁ። በድምፅ ብቻ ግን አትመኑ። በከንፈሩ አጠገብ ጎማውን የሚዞር ቀጭን መስመር አለ፤ ከቸርኬው ጠርዝ ያለው ርቀት ዙሪያውን እኩል መሆን አለበት። ከዚያ የቫልቩን መርፌ መልሱ። አየሩ ቢወጣም ከንፈሩ ተቀምጧልና አትስጉ። እንደገና ንፉና የመኪናው ፋብሪካ ባዘዘው ልክ አድርሱ፤ ልኩ በአብዛኛው በሾፌሩ በር ጠርዝ ላይ ተለጥፎ ይገኛል። ጎማው ሳይሞቅ ለኩ። ሙቀት በ10 ዲግሪ ሲጨምር ግፊቱ ከ1 እስከ 2 ፒኤስአይ ይጨምራልና በቀትር የተለካ ልክ ያሳስታል። በመጨረሻም ከንፈሩንና ቫልቩን በሳሙና ውሃ ፈትኑ፤ አረፋ ካልወጣ ሥራው አልቋል።

ወደ ካርቱም ለምትመለሱ ደግሞ አንድ አደራ አለን። በመንገድ ዳር ከቆመ መኪና ጎማ አትፍቱ። ባለቤት አለው፤ ስደተኛ ሲሆን ደግሞ የዘራፊነት ስም ቶሎ ይለጠፍበታል። ያልፈነዳ መሣሪያም በውስጡ ወይም በሥሩ ሊኖር ይችላል። የማታውቁትን ብረት አትንኩ።

ውድ ወገኖቻችን፤ ጎማ ይገዛል፣ ቸርኬም ይገኛል፤ እጅና ዓይን ግን መለዋወጫ የላቸውም። እምቢ ያለ ጎማ ሲገጥማችሁ «ምን ያህል ልንፋው?» ሳይሆን «የቱ ጋ ነው ያልገጠመው?» ብላችሁ ጠይቁ።  ጥያቄ ያላችሁ አሁን ጠይቁን፤ ጎማውም ሳሙናውም ገመዱም እዚህ ስላለ አብረን እንሞክረዋለን።